ድብቁ መቀነት

ቀሚሱ ጅማን፣ በደሌንና መቱን አቋርጦ ጎሬ የደረሰው በአውቶቡስ ጣሪያ ላይ፣ በአንድ ካርቶን ሳሙናና በተጠቀለለ ፍራሽ መካከል ተጨፍልቆ ነው። የሙሽራዋ ታናሽ እህት፣ የሚዜዎቹም አለቃ፣ ላስቲኩን ገልጣ አልጋ ላይ ዘረጋችው። ወይን ጠጅ ሳቲን ነው፤ ወገቡ ጠበብ፣ ታቹ ሰፋ ያለ፤ ከደረት በላይ ግን ባዶ። ትከሻ የለውም፣ እጅጌ የለውም፣ ማንጠልጠያ የምትባለዋ ቀጭን ክር እንኳ የለችውም። አያቷ፣ በቤቱ አጠራር አኮ፣ ቀሚሱን ከፊትም ከኋላም አገላብጠው አዩት። ከዚያ ላስቲኩን አንስተው አራገፉ፤ ምንም አልወደቀም።

«የቀረው በየትኛው አውቶቡስ ነው የሚመጣው?»

የቀረ አልነበረም። ሚዜዎቹ ስድስት ናቸው፤ ስድስቱም አንድ ዓይነት ይለብሳሉ፤ ሠርጉም ጥምቀት ባለፈ በሁለተኛው ሳምንት ነው። የኦርቶዶክሱ ሠርግ ከጥምቀት እስከ ዐቢይ ጾም ዋዜማ ባለችው ጠባብ ጊዜ ውስጥ ስለሚጨናነቅ ቀሚሱን መልሶ ለማስቀየር ቀን የለም። በዚያ ላይ ነገሩ አዲስ አይደለም። ሙሽራዋ የምትለብሰው ቬሎም ያው ትከሻ አልባ ነው። «ቬሎ» በጣልያንኛ ፊት የሚሸፈንበት ስስ ጨርቅ ማለት ሲሆን፣ እኛ ስሙን ለሙሉ ቀሚሱ ሰጠነው፤ መሸፈኛ የነበረው ስም መግለጫ ሆኖ አረፈው። ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ካባውም ነጠላውም አለና ትከሻ ይከደናል። ጉዱ የሚጀምረው ከዚያ ወዲያ፣ አዳራሽ ሲገባ ነው።

ስለዚህ የቀረው ጥያቄ አንድ ነበር፦ ከሥሩ ምን ይለበሳል?

ተራ ቀሚስ ትከሻ ላይ ይንጠለጠላል። ትከሻው ሲቆረጥ የጨርቁ ክብደት አብሮ አይቆረጥም፤ የሚያርፍበት ሌላ ቦታ ይፈልጋል። ብዙ ሰው ያ ቦታ ደረት ይመስለዋል። እንዲህ ያሰበች ልጅ ከላይ ከላይ ታጠብቅና በየአምስት ደቂቃው በሁለት እጇ ብብቷ ሥር ይዛ ሽቅብ ትጎትታለች፤ አዳራሽ ሠርግ የታደመ ሁሉ ይህን እንቅስቃሴ ከእስክስታ እኩል ያውቀዋል። የሰፊዎች መልስ ግን ሌላ ነው። ትከሻ የሌለው ቀሚስ የሚቆመው በወገብ ነው። ወገብ ላይ በደንብ የታሰረ ነገር ልውረድ ቢል ዳሌ ይከለክለዋል።

እ.ኤ.አ. በ1946 በወጣው «ጊልዳ» ፊልም ሪታ ሄይዎርዝ ትከሻዋን ገልጣ፣ እጆቿን ወደ ላይ እየወረወረች ስትዘፍንና ስትወዛወዝ ጥቁሩ የሳቲን ቀሚሷ ንቅንቅ አላለም። ተመልካቹ አፉን ከፈተ። ምስጢሩ ያለው ግን የልብስ ነዳፊው ዣን ሉዊ ዘንድ ነው፤ ከሳቲኑ ሥር አጥንት የገባበት ማሰሪያ አበጅቶለት ነበር። አጥንት የሚባለው ልብሱ እንዳይታጠፍ በስፌቱ ውስጥ የሚሰካ ቀጭን ዘንግ ነው፤ ጥንት ከዓሣ ነባሪ አፍ ይወጣ ነበር፣ ኋላ ብረት ሆነ፣ ዛሬ በአብዛኛው ፕላስቲክ ነው። ተመልካቹ ያየው የሪታን ትከሻ ነው፤ ሥራውን የሠራው የሪታ ወገብ።

ይህን ለጎሬ ሰው ማስረዳት አይከብድም፤ ከተማዋ ራሷ በጭነት የኖረች ናት። እ.ኤ.አ. በ1902 ምኒልክ ከእንግሊዝ ጋር በተዋዋሉት መሠረት ባሮ ወንዝ ዳር የንግድ ጣቢያ ከተፈቀደ በኋላ፣ የኢሉባቦር ቡና በበቅሎ ከጎሬ ወደ ጋምቤላ ይወርድ፣ ጨውና ጨርቁ ደግሞ ክረምት ወንዙ ሲሞላ በእንፋሎት መርከብ ከካርቱም እየመጣ ዳገቱን ይወጣ ነበር። በቅሎ የጫነ ሁሉ ያውቃል፦ ከትከሻዋ ላይ የሚንጠለጠል ምንም የለም። ሁሉም ነገር የቆመው ሆዷን ዞሮ በሚታሰረው መጫኛ ነው። ከላላ ጭነቱ ዞሮ ሆዷ ሥር ይገባል፤ ከጠበቀ በቅሎዋ እግሯን ተክላ እምቢ ትላለች። ሚዜዋ ይህ ምሳሌ ሲነገራት ደስ አላላትም። ቢሆንም መልስ አላገኘችለትም።

ለሰው ደግሞ መቀነት አለ፤ ኦሮምኛው ሰበታ ይለዋል። ሥራው ቢቆጠር የፋብሪካ ዕቃ ያፍራል። ሰፊውን ቀሚስ ወገብ ላይ ይሰበስባል፤ እንጨትና ውሃ የተሸከመችን ጀርባ ይደግፋል፤ የአራስን ሆድ ይይዛል፤ ጫፉ ላይ ብር ይቋጠርበታል። ወገብ ማሳመሩ ምርቃት ነው። አኮም ነጭ መቀነታቸውን ደጋግመው ጠምጥመው ሲያበቁ ቀና ብለው ይሄዳሉ፤ ለቁመናቸው ብሎ ማንም ምንም ሸጦላቸው አያውቅም። ዛሬ በየቡቲኩ የሚሸጠው የውስጥ መጥበቂያ የዚሁ የመቀነት ዘመድ ነው። ልዩነቱ ከላይ መታየቱን ትቶ ከሥር መደበቁ፣ ብር መያዙንም ትቶ ብር መውሰዱ ነው።

በ1928 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ሲሰደዱ ጊዜያዊው መንግሥት የተቀመጠባት ጎሬ ዛሬ ለሠርግ የውስጥ ልብስ መቱ ትወርዳለች፤ መንገዱ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። መቱ ያለችው ሻጭ ዕቃውን በሦስት ስም ትጠራዋለች፦ ቦዲ፣ ኮርሴት፣ ቦርጭ ማጥፊያ። ገዢዋ ፊት ላይ የትኛው ስም ደስታ እንደፈጠረ አይታ በዚያው ትቀጥላለች።

«ልክሽ ስንት ነው የኔ ቆንጆ?»

«እኔንጃ፣ ለክቼ አላውቅም።»

«ችግር የለውም፤ ይለጠጣል!»

መለጠጡ እውነት ነው። እ.ኤ.አ. በ1958 ጆሴፍ ሺቨርስ የተባለ የዱፖንት ኩባንያ ኬሚስት ከርዝመቱ አምስት እጥፍና ከዚያም በላይ ተስቦ ወደ ቦታው የሚመለስ ክር ሠራ፤ ስፓንዴክስ ወይም ላይክራ የምንለው ነው። ከዚያ በፊት የነበረው የጎማ መጥበቂያ ይከብዳል፣ ላብ ያፈላል፣ ሲያረጅም ይሰነጠቃል። አዲሱ ክር ቀላልና ስስ ሆኖ ዓለምን ያዘ። ሆኖም ተለጠጠ ማለት ልክ ሆነ ማለት አይደለም። የብር ማሰሪያ ላስቲክም ይለጠጣል፤ አንገቱ ላይ የሚያስረው ሰው ግን የለም።

ሚዜዋ የሻጯን ምክር ሰምታ ይባስ ብላ አንድ ቁጥር ያነሰውን መረጠች። ይህ ስሕተት የጎሬ ብቻ አይደለም፤ ሎስ አንጀለስም አዲስ አበባም ያለችው ገዢ በብዛት የምትሠራው ነው፤ ያነሰ ቁጥር የበለጠ የሚያቀጥን ይመስላል። ሥጋ ግን እንደ ሊጥ ነው፤ እዚህ ሲጫኑት እዚያ ይወጣል እንጂ አይጠፋም። ልጅቷ ከመጋረጃው ጀርባ ከሥሩ መጥበቂያውን፣ ከላዩ የሙከራ ቀሚስ አድርጋ መስተዋት ፊት ቆመች። ሆዷ ድራሹ የለም። ብብቷ ሥር ግን ሁለት ትኩስ ዳቦ ተነስቷል። እጅጌ ያለው ልብስ ይህን ይሸፍን ነበር፤ ትከሻ አልባው ቀሚስ ደግሞ የተሰፋው ያንኑ ቦታ ለሕዝብ ለማሳየት ነው።

ስለዚህ ቅድሚያ ሜትር ነው። ሦስት ቦታ ይለካል፦ ከጡት ሥር፣ ወገብ በቀጠነበት፣ ዳሌ በሰፋበት። ሆድ ሳይሳብ፣ ትንፋሽ ሳይያዝ ይለካል፤ ትንፋሹን ይዞ የተለካ ሰው ሠርጉንም ትንፋሹን ይዞ መዋል ይኖርበታልና። ልኩ በሁለት ቁጥር መካከል ከወደቀ ትልቁ ይወሰዳል። ጥሩ መጥበቂያ ሰውነትን አያሳንስም፤ ሳቲን ከላዩ ሲወርድ የፓንት ጠርዝና እጥፋት እንዳይታይ ያለሰልሳል። ሳቲን ደግሞ ያብለጨልጫልና ምንም አይደብቅም፤ ምስጢር በመጠበቅ ጎረቤት ከሳቲን ይሻላል።

ሦስቱ ስሞችም ሦስት የተለያዩ ዕቃዎች ናቸው። ቦርጭ ማጥፊያ የሚሉት ከጭን ተነስቶ ወገብ የሚያልፍ ቁምጣ ነው። ቦዲው ከደረት እስከ ጭን አንድ ወጥ ሲሆን፣ ለዚህ ዓይነት ቀሚስ የሚሆነው ማንጠልጠያው የሚነቀልና ከላይኛው ጠርዝ በውስጥ በኩል ቆዳ የሚይዝ የሲሊኮን መስመር ያለው ነው። ኮርሴት ደግሞ አጥንቱን ይዞ የሚመጣው ነው።

ቁምጣው አንድ ጠባይ አለው፤ ይጠቀለላል። በዚህ ነገር የተማረረች አንዲት አሜሪካዊት ነገሩን ሀብት አድርጋዋለች። ሣራ ብሌክሊ የፋክስ ማሽን ሻጭ ነበረች፤ ነጭ ሱሪ ሥር የምትለብሰው ብታጣ የስቶኪንጓን እግር በመቀስ ቆረጠችው። ሱሪው አማረ፤ የተቆረጠው ጫፍ ግን እግሯ ላይ ሽቅብ እየተጠቀለለ አስቸገራት። ይህን ለማስተካከል 5000 ዶላር ቁጠባዋን ይዛ ተነሳችና እ.ኤ.አ. በ2000 ስፓንክስን መሠረተች፤ በ2012 ፎርብስ ከቢሊየነሮቹ ጋር ቆጠራት። ወገብ ላይ ያለው ጠርዝ ደግሞ የሚጠቀለለው ቁልቁል ነው፤ ለባሿ በተቀመጠች ቁጥር አንድ ዙር። ምግብ ቀርቦ እስኪነሳ ድረስ መጥበቂያው እምብርት ላይ የተጠመጠመ ገመድ ይሆናል። መድኃኒቱ ጠርዙ ወገብ ላይ የማያቆመውን መምረጥ ነው። ጡት ማስያዣው ሥር ድረስ ወጥቶ እዚያው ቢገባ መያዣ አገኘ ማለት ነው፤ ጎንና ጎኑ ላይ ሁለት ቀጭን አጥንት ቢኖረው ደግሞ የበለጠ ይታመናል።

ቀለሙም ሌላ ወግ ነው። ሻጯ «የሥጋ ቀለም» ብላ ያወጣችው ሮዝ ነገር ነው። የማን ሥጋ? ፋብሪካዎቹ ለብዙ ዘመን የሰው ቆዳ ሲሉ ነጩን ሰው ብቻ ያስቡ ነበር፤ በተለያየ የቆዳ ቀለም ማምረቱ የተለመደው በቅርብ ዓመታት ነው። ኪም ካርዳሺያን እ.ኤ.አ. በ2019 የራሷን ምርት ስትጀምር መጀመሪያ «ኪሞኖ» ብላው፣ የጃፓኗ ኪዮቶ ከንቲባ ሳይቀር የባህል ልብሳችን ስም ነው ብለው ስለተቃወሙ «ስኪምስ» ብላ ለወጠችው፤ ከመነሻውም በብዙ የቆዳ ቀለም አወጣችው። ምክሩ ቀላል ነው። ነጭ ቀሚስ ሥር ነጭ መጥበቂያ ይታያል፤ የማይታየው ከራስ ቆዳ ጋር የተቀራረበው ነው። ለሚዜዋ የሚሆናት የቡና ቀለም ነው፤ ቡና ደግሞ ኢሉባቦር ላይ የሚያስቸግር ነገር አይደለም፤ ቡቲኩ ውስጥ ብቻ አልተገኘም። በሦስተኛው ሱቅ ተገኘ።

እሷ ግን ዓይኗ ኮርሴቱ ላይ ነበር። ኮርሴት ያለ ማንጠልጠያ ደረትንም ወገብንም ይይዛል። እ.ኤ.አ. በ1952 የወጣው «ሜሪ ዊዶው»፣ ስሙን ላና ተርነር ከተጫወተችበት ፊልም የወሰደው፣ ለዚሁ ለትከሻ አልባ ቀሚስ የተሠራ ነበር። ለፎቶ የሚተካከለው የለም። ችግሩ ሠርግ ፎቶ ብቻ አለመሆኑ ነው። ዶሮ ወጥ አለ፣ ጥብስ አለ፣ ጠላ አለ፣ «በሞቴ» እያለች በየደቂቃው የምታጎርስ አክስት አለች። በጣም የጠበቀ ነገር ጨጓራን ሽቅብ ገፍቶ ቃር ያመጣል፤ ትንፋሽን ያሳጥራል፤ ብሽሽት አካባቢ ያለውን ነርቭ ሲጫን የጭን ውጪ ይደነዝዛል፣ ይቆጠቁጣል። «ሲያጌጡ ይመላለጡ» ያሉት አበው ኮርሴት አላዩም፤ መላጡን ግን ገምተውታል። መልሱ በማግስቱ ጋምቤላ መሆኑ ደግሞ ሌላ ጉዳይ ነው። ጎሬ ከባሕር ጠለል በላይ 2000 ሜትር አካባቢ ናት፤ ጋምቤላ 500 ገደማ። ጎሬ ላይ ደስ የሚል እቅፍ የነበረው ስፓንዴክስ ጋምቤላ ላይ የተዘጋ ምድጃ ይሆናል።

በመጨረሻ ቡናማው ቦዲ ተገዛና ሙከራው ቤት ውስጥ ተደረገ። አዲስ መጥበቂያን መጀመሪያ በሠርግ ቀን መልበስ አዲስ ጫማ አድርጎ ዳገት እንደመውጣት ነው፤ ቢያንስ አንድ ከሰዓት በኋላ ተለብሶ ይፈተናል። ሚዜዋ በርጩማ ላይ ተቀመጠች፤ አለፈ። ጎንበስ ብላ ጫማዋን አሰረች፤ ቀና ስትል ፊቷ የቀሚሱን ቀለም ያዘ፤ ግን አለፈ። አንድ እንጀራ በላች፤ አለፈ። ሽንት ቤት ሄዳ ሩብ ሰዓት ቆየች። ቁጢጥ በሚባልበት ሽንት ቤት አንድ ወጥ ልብስ ምን ማለት እንደሆነ የነደፈው ሰው አላሰበበትም፤ ስለዚህ ሲገዛ ከሥሩ በመንጠቆ የሚከፈት መሆኑን ማየት ከወገቡ ይልቅ ይቀድማል።

ቀጥሎ እስክስታ መጣ። ሌላው ዓለም ትከሻ የሌለው ቀሚስ የሰፋው እግሩን እያንሸራተተ ለሚጨፍር ሕዝብ ነው፤ በትከሻ የሚጨፍር አገር መኖሩን ማን ነገረው? ሙሽራዋ በስልኳ ዘፈን ከፈተች። ሚዜዋ ሁለት ጊዜ ትከሻዋን ሰበቀች። ቦዲው ከቦታው አልተነቃነቀም፤ ቀሚሱ ግን በቦዲው ላይ ተንሸራቶ አራት ጣት ወረደ። መጥበቂያው ለስላሳ ነው፣ ሳቲኑም ለስላሳ ነው፤ ለስላሳ በለስላሳ ላይ ማረፊያ የለውም። ቤቱ በሳቅ ተናጋ፤ ያልሳቁት አኮ ብቻ ናቸው።

«ይቺ ልጅ ወገቧን ሳታስር ነው እንዴ የምትጨፍረው?»

ቀሚሱ በፌስታል ተይዞ በረንዳ ላይ መኪናውን ተክሎ ወደሚሰፋው ልብስ ሰፊ ሄደ። ሰውየው ገበሩን ገለጠው፤ አጥንት የለም፣ ማሰሪያ የለም፤ ደረቱ ላይ አንድ ቀጭን ላስቲክ ብቻ። ከፋብሪካ በርካሽ የሚወጣው እንዲህ ነው፤ ጨርቁ ይታያል፣ ሥራው ይቀራል።

«ጋሼ፣ ማንጠልጠያ ይቀጥሉልኝ ይሆን?»

«ማንጠልጠያ ምን ይሠራልሻል ልጄ፤ እሱ መቀነት ነው ያጣው።»

የፓሪስ ሰፊዎችም የሚሠሩት ይህንኑ ነው። በውድ ቀሚሶች ውስጥ፣ ወገቡ ላይ፣ የማይለጠጥ ጠንካራ ጥብጣብ ከገበሩ ጋር በጥቂት ቦታ ይያያዛል፤ ለባሿ ዚፑን ከመሳቧ በፊት መጀመሪያ እሱን በመንጠቆ ትቆልፋለች። የቀሚሱ ክብደት በዚያ ላይ ያርፋል፣ ከላይ ያለው ጨርቅ ሥራ ፈት ሆኖ ያምራል። የማይለጠጥ መሆኑ ነው ቁም ነገሩ፤ መጥበቂያው እየተለጠጠ ሥጋን ያለሰልሳል፣ ጥብጣቡ ሳይለጠጥ ቀሚስን ይሸከማል። ሰፊው ጥብጣብ አልነበረውም። አኮ ከሳጥናቸው ያረጀ መቀነት አውጥተው ሰጡት፤ በአራት ጣት ስፋት አጥፎ ሰፋው፣ ጎንና ጎኑ ላይ ከፕላስቲክ የተቆረጠ አጥንት ሰካበት፣ ሁለት ትላልቅ መንጠቆ ተከለበት። የተረፈውን ጫፍ ሊቆርጥ ሲል አኮ እጁን ያዙ፤ «ተወው፣ ይቀመጥ» አሉ። ወደ ውስጥ ታጥፎ ቀረ።

ማታ ቦዲው በቀዝቃዛ ውሃ በእጅ ታጥቦ ጥላ ውስጥ ተሰጣ። ጥር ለጎሬ ደረቅ ወር ስለሆነ እንጂ፣ ዝናቡ በዓመት ወደ 2000 ሚሊ ሜትር በሚጠጋበት አገር ከፋሲካ በኋላ የሚደገስ ሠርግ ቢሆን ኖሮ ሳምንትም አይደርቅም ነበር። ያኔ ደግሞ ምድጃ ዳር መስቀል ያሰኛል፤ ስፓንዴክስ እሳት ዳር ከተሰቀለ ጉልበቱን ይጨርሳል፣ ሽታው ጭስ ጭስ ይላል።

የሠርጉ ቀን ስድስቱ ሚዜዎች ተሰልፈው ገቡ። አምስቱ ገና ከመቀመጣቸው ብብታቸው ሥር ይዘው ሽቅብ መጎተት ጀመሩ። ስድስተኛዋ እጇን አላነሳችም። በላች፣ ጠጣች፣ አክስቷ ያጎረሰቻትን አንዱንም አልመለሰችም። ዘፋኙ እስክስታውን ሲያጦዘው መሐል ገብታ ትከሻዋን ለቀቀችው፤ ቀሚሱ እንደ ሪታ ሄይዎርዝ ቀሚስ ቀጥ አለ። አዳራሹ በጭብጨባ ፈነዳ፤ ዘፋኙም ወደ ቤተሰቡ መጥቶ ስም እየጠራ ያወድስ ጀመር። የሙሽራ እህት መሆኗ ከአፉ ወጣ፤ አሁን ሽልማት ይጠበቅባታል።

አኮ ጆሮዋ ላይ ጠጋ አሉ። «እንዳታፍሪ ብዬ ጫፉ ላይ ሁለት መቶ ብር ቋጥሬልሻለሁ» አሉ።

ልጅቷ እጇን ወደ ወገቧ ሰደደች። ሳቲን። ከሳቲኑ ሥር ገበር፣ ከገበሩ ሥር ሁለት መንጠቆ፣ ከዚያ ወዲያ መቀነት፣ በመቀነቱ ጫፍ ቋጠሮ፣ በቋጠሮው ውስጥ ሐምራዊ ሁለት መቶ ብር። ዘፋኙ ፊቷ ቆሞ ስሟን ለሦስተኛ ጊዜ ጠራ። አኮ ተስፋ ቆረጡና በሰው ሁሉ ፊት የራሳቸውን መቀነት ጫፍ ፈትተው፣ ብሩን አፍታተው፣ ተራምደው ግንባሩ ላይ ለጠፉለት።